ጥበብ እና ጠይብ፦ በኢየሩሳሌም በኢትዮጵያ ጎዳና ላይ የተማርነው

ዛሬ ስለ ውበት እንጨዋወት። የሰው ዓይን አንዱን ነገር "ያምራል" ብሎ ሲያደንቅ ሌላውን እንዳላየ የሚያልፈው ለምንድን ነው? ይህ ጥያቄ የሠዓሊዎችና የሀብታሞች ብቻ ይመስላል እንጂ በየቤታችን ያለ ጥያቄ ነው። ስለዚህ በራሳችን ታሪክ በኩል እንመልከተው። ዓመቶቹን የምንጽፈው በፈረንጅ አቆጣጠር ነው።

ነገሩን ያነሣሣን በአንድ ቤት ያየነው ነው። በልጅነታችን መጥተን ዛሬ በማኅበራዊ ሥራ የተሰማራን ሰዎች ብዙ ቤት እንገባለን። ወረቀት እንሞላለን፣ ደብዳቤ እንተረጉማለን፣ ቡናም እንጠጣለን። አንድ ቀን ለሌላ ጉዳይ ሄደን ቡናው እስኪፈላ ስንጠብቅ፣ የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ከትምህርት ቤት የተሰጣትን የ"ሾራሺም" ሥራ፣ ማለትም የቤተሰብን ሥር መሠረት የሚጠይቀውን ወረቀት ይዛ መጣች። ከጥያቄዎቹ አንዱ "በአያቶችሽ አገር ምን ዓይነት ኦማኑት ነበር?" ይላል። ልጅቷ በዕብራይስጥ ጠየቀች፣ እኛ ለአያቷ በአማርኛ ነገርናቸው። አያቷ ትንሽ አሰቡና "እኛ ዘንድ እንዲህ ያለ ነገር አልነበረም፤ እኛ ሸክላ ሠሪዎች ነን" አሉ። ልጅቷም "አልነበረም" ብላ ጻፈች።

እሳቸው ይህን ሲሉ ቡናው ከጀበና እየተቀዳ ነበር። ከጀርባቸው፣ ቁም ሣጥኑ ላይ፣ በገዛ እጃቸው የሰፉት መሶብ ተቀምጧል። እኛም ተርጉመን ዝም አልን። አንድ ቃል አልጨመርንም። ወደ ቤታችን ስንመለስ ግን ነገሩ ከነከነን። እኚህ እናት ውሸት አልተናገሩም፤ የመሰላቸውን ነው የተናገሩት። ታዲያ ዕድሜ ልካቸውን ውብ ነገር ሲሠሩ የኖሩ ሰው "ውበት የምንለው ነገር እኛ ዘንድ አልነበረም" እንዲሉ ያደረጋቸው ምንድን ነው?

መጀመሪያ ከቃሉ እንነሣ። በአማርኛችን "ጥበብ" የሚለው ቃል ስንት ነገር እንደሚሸከም አስቡት። ጥበብ ማስተዋል ነው፤ የንጉሥ ሰሎሞን ጥበብ እንላለን። ጥበብ የእጅ ሥራ ነው። በቀሚስና በነጠላ ጠርዝ ላይ በቀለም ክር የሚሸመነው ጌጥም ራሱ ጥበብ ይባላል፤ ጥበብ ቀሚስ የማያውቅ የለም። ከዚሁ ቃል "ጠቢብ" ይወጣል፣ ከጠቢብም "ጠይብ"። ጠይብ ማለት ብረት ቀጥቅጦ ማረሻ የሚያወጣ፣ አፈር አቡክታ ድስት የምታወጣ ሰው ነው። ቃሉ ከመነሻው አዋቂ ማለት ሆኖ ሳለ በመንደራችን ስድብ ሆነ። "ጠይብ" ሲሉ "ቡዳ" ማለታቸው ነበር። ይህን ሽማግሌዎቻችን ከእኛ በላይ ያውቁታል፤ እኛ የሰማነው ነው፣ እናንተ የኖራችሁት ነው።

ዕብራይስጡም ቢሆን ተመሳሳይ ነገር አለው። ሥዕልና ቅርጻ ቅርጽ "ኦማኑት" ይባላል፣ የእጅ ሙያ ደግሞ "ኡማኑት"። በመካከላቸው ያለችው ልዩነት አንዲት ድምፅ ናት። ግን በዚያች ድምፅ ምክንያት አንዱ ሥራ ወደ ሙዚየም ይገባል፣ ሌላው ገበያ ላይ ተዘርግቶ ይቀራል።

ኦሪታችን ግን ሁለቱን አይለያይም። በዘፀአት ምዕራፍ 31 ላይ የመገናኛው ድንኳን እንዲሠራ በታዘዘ ጊዜ እግዚአብሔር የጠራው ከይሁዳ ነገድ የኡሪን ልጅ ባስልኤልን ነው። ጥበብና ማስተዋል የተሞላውም ወርቅ፣ ብርና ናስ እንዲሠራ፣ ድንጋይ እንዲቀርጽ፣ እንጨት እንዲጠርብ ነው። ከእሱ ጋር ሁለተኛ ሰው ተጠራ፤ የአሂሳሚክ ልጅ ኤልያብ፣ ከዳን ነገድ። በምዕራፍ 35 ደግሞ በሰማያዊ፣ በሐምራዊና በቀይ ግምጃ የሚጠልፉትና የሚሸምኑት፣ በእጃቸው የሚፈትሉት ብልሃተኛ ሴቶችም ተጽፈዋል።

"ከዳን ነገድ" የሚለውን ልብ በሉልን። ራቭ ኦቫዲያ ዮሴፍ በ1973 ቤተ እስራኤል ከዳን ነገድ መሆናቸውን የፈረዱት በቀደሙት ሊቃውንት ቃል ተመርኩዘው ነው። እንግዲህ በድንኳኑ ሥራ ላይ ከባስልኤል አጠገብ የቆመው ጠላፊና ሸማኔ የእኛው ወገን ነው ማለት ነው። በአገር ቤት ያፈርንበት ሙያ በኦሪት ውስጥ ከነአባቱ ስም ተመዝግቦ ይገኛል።

አሁን ወደ አገር ቤት እንመለስ። አባቶቻችን ወደ እጅ ሙያ ያዘነበሉት በምርጫ ብቻ አልነበረም። በ15ኛው መቶ ዘመን ዐፄ ይስሐቅ ከወጓቸው በኋላ የመሬት ርስት እንደተነፈጉ ይነገራል። ርስት የሌለው ሰው የሰው መሬት በእኩል እያረሰ በእጁ ሙያ ይኖራል። ወንዶቹ ብረት ቀጠቀጡ፣ ሸመኑ፤ ሴቶቹ ሸክላ ሠሩ። ዐፄ ፋሲል በ1636 ጎንደርን ዋና ከተማ ካደረጉ በኋላም ከአባቶቻችን ወገን በግንበኝነትና በአናጢነት ለነገሥታቱ የሠሩ ነበሩ። ዛሬ የጎንደርን ግንብ የሚያይ ጎብኚ የንጉሡን ስም ጠይቆ ይሄዳል። ድንጋዩን የደረደረውን ሰው የሚጠይቅ ግን ብዙ አይደለም።

ጸሎት ቤታችንስ? መስጊዳችን ውስጥ ሥዕል አልነበረም፣ የሰውም የእንስሳም ምስል አይገባበትም። ከውጭ የመጣ ሰው ቢያየው "ባዶ ነው" ሊል ይችላል። እናንተ ግን ባዶ እንዳልነበረ ታውቃላችሁ። በብራና ላይ በግዕዝ የተጻፈ ኦሪት ነበረ፣ እሱን የሚሸፍን ጨርቅ ነበረ፤ የቀሶቹ ዣንጥላ ነበረ። ታጥቦ የነጣ ልብስ ነበረ፤ ለሲግድ ተራራ ሲወጣ ሕዝቡ ሁሉ በነጭ ለብሶ ከሩቅ ይታይ ነበር። የወላጆቻችን ዓይን የሠለጠነው በዚህ ነው። ውበት ማለት ንጹሕ፣ ልክክ ያለ፣ ከጅምሩ እስከ ፍጻሜው የተጣራ ነገር ነው።

ሸክላ የምትገዛ ሴት ገበያ ላይ እንዴት እንደምትመርጥ አስታውሱ። አፉ ክብ መሆኑን ታያለች፣ በመዳፏ ሆዱን ትዳብሳለች፣ ከዚያ በጣቷ ቆርቆር አድርጋ ድምፁን ትሰማለች። ድምፁ ጥርት ካለ አልተሰነጠቀም፣ በደንብ ተቃጥሏል። ሥራውም እንዲህ ነበር፦ አፈሩ ይቆፈራል፣ ይወቀጣል፣ ከተፈጨ ገል ጋር ይቦካል፤ ያለ ማሽከርከሪያ በእጅ ብቻ ይገነባል፤ በለስላሳ ድንጋይ ይታሻል፣ ጥላ ላይ ይደርቃል፣ በእንጨትና በኩበት ይቃጠላል። ነፋስ ወይ ዝናብ ድንገት ቢመጣ የሳምንት ድካም ተሰንጥቆ ይቀራል። ይህን ሁሉ አልፎ የወጣ ድስት ጥቁር ሆኖ ሲያብለጨልጭ ማየት ምን ያህል ደስ እንደሚል ሠሪዋ ታውቃለች። ታዲያ ይህ በዓይን፣ በእጅና በጆሮ የሚደረግ ምርመራ ውበትን ማወቅ ካልሆነ ምን ሊሆን ነው?

ጎረቤቱ ድስቱን ይገዛል፣ የበዓሉን ወጥ ይሠራበታል። ሠሪዋን ግን ዓይኗን ይፈራል፣ ከቤቷ አይበላም። ዕቃችንን ወደዱት፣ እጃችንን ፈሩት። የአያትየዋ መልስ ሥሩ እዚህ ላይ ያለ ይመስለናል። ሰው ስለ ሥራው መቶ ጊዜ ከተሰደበ በኋላ ሥራዬ ውብ ነው ብሎ ለመናገር አፉ አይታዘዝለትም።

ይህን እያሰላሰልን ከአንድ የሽማግሌዎች ሞአዶን ጋር ወደ ኢየሩሳሌም ወጣን። ከሃነቪኢም መንገድ ታጥፈን፣ በግራና በቀኝ በድንጋይ ግንብ ወደታጠረችው ጠባብ የኢትዮጵያ ጎዳና ገባን። ትልቁን የዕብራይስጥ መዝገበ ቃላት ያዘጋጀው ኤሊዔዘር ቤን ይሁዳ የኖረው በዚህች ጎዳና ነው። ከቤቱ ፊት ለፊት የደብረ ገነት ኪዳነ ምሕረት ቤተ ክርስቲያን አለች፤ እንደ ጎንደርና እንደ ጎጃም አብያተ ክርስቲያናት ክብ ናት። ያስጀመሯት ዐፄ ዮሐንስ አራተኛ ናቸው። ሥራዋ በ1880ዎቹ መጀመሪያ ተጀምሮ በዐፄ ምኒልክ ዘመን በ1893 ተፈጸመ።

እስቲ እነዚህን ዓመቶች ከእኛ ታሪክ ጋር እናስተያያቸው። በ1862 አባ ማሃሪ ሕዝቡን አስከትለው በእግር ኢየሩሳሌም እንገባለን ብለው ተነሥተው ነበር። ብዙዎቹ ትግራይ ላይ በረሃብና በበሽታ አለቁ፣ የተረፉት ተመለሱ። ከ1888 እስከ 1892 ደግሞ ክፉ ቀን መጣ። ከብቱ አለቀ፣ እህል ጠፋ፤ ክርስቲያኑም እስላሙም እኛም አለቅን፣ ከእኛም ብዙ መንደር ጠፋ። ስለዚህ ይህ ድንጋይ እዚህ ሲደረደር፣ ኢየሩሳሌምን ሲናፍቁ የኖሩ ወገኖቻችን እሷን ሳያዩ እያለፉ ነበር።

በሩ ላይ ስንደርስ ሰዉ ሁለት ተከፈለ። አንዳንዶቹ ጫማቸውን አውልቀው ገቡ፣ አይተው ወጡ፣ "ልክ እንደ አገራችን" አሉ። ሌሎቹ ግን ውጭ ግንቡ ሥር ተቀመጡ። አንድ አባት "ሕንጻው ያምራል፣ አልክድም። ዓይኔ ያየዋል፣ እግሬ ግን አይገባም" አሉ። ማንም ማንንም አልገፋም። እኛም ያን ጊዜ አንድ ነገር ተማርን። የሰው ዓይን ብቻውን አያይም፤ የሰው ሕይወት አብሮት ያያል።

ስለ ሥዕሉ የምታውቁት ነገር ይህን ያስረዳል። በአገራችን የቤተ ክርስቲያን አሣሣል ደግ ሰው ፊቱን ወደ ተመልካቹ አዙሮ በሁለት ዓይን ይሣላል፣ ክፉ ሰው ግን በጎን ታይቶ በአንድ ዓይን። በስቅለቱ ሥዕል ላይ "አይሁድ" ተብለው የሚሣሉት ብዙ ጊዜ ባለ አንድ ዓይን ናቸው። ሥዕሉ ቀለሙ ደማቅ ነው፣ መስመሩ ጥርት ያለ ነው፣ ዓለም የሚያደንቀው ጥበብ ነው። ነገር ግን ግድግዳው ላይ በአንድ ዓይን የተሣለው እሱ ራሱ የሆነ ሰው ያንን ሥዕል እንደ ጎብኚ ሊያየው አይችልም። ውጭ የተቀመጡት አባት ውበት ሳይገባቸው ቀርቶ አልነበረም። ሥዕሉ ስለ እሳቸው ምን እንደሚል ስለሚያውቁ ነው።

በአሮጌው ከተማ፣ የኢትዮጵያ መነኮሳት በሚኖሩበት በዴር ሡልጣን ደግሞ ሌላ ሥዕል አለ። ንግሥተ ሳባ ወደ ንጉሥ ሰሎሞን ስትመጣ የሚያሳይ ነው። ሠዓሊው ከንጉሡ ሰዎች መካከል አንዳንዶቹን የሣላቸው ልክ ዛሬ በመአ ሸዓሪም እንደምናያቸው ሐሲዲም፣ በጥቁር ልብስና በባርኔጣ ነው። ሰሎሞን በነበረበት ዘመን እንዲህ ያለ አለባበስ አልነበረም። ሠዓሊው ግን አይሁዳዊን በሐሳቡ ሲፈልግ ኢየሩሳሌም መንገድ ላይ ያየውን ጎረቤቱን አገኘ። ዓይን አገር ሲለውጥ ሥዕልም ይለወጣል ማለት ነው።

ወደ ኢትዮጵያ ጎዳና እንመለስ። ከበሩ በላይ አንበሳ ተቀርጿል። ከሽማግሌዎቹ አንዷ እናት ቀና ብለው አይተው "ይሄ የጃንሆይ አንበሳ አይደለም እንዴ? ሳንቲሙ ላይ የነበረው!" አሉ። አብሯቸው የመጣው የልጅ ልጃቸው ሳቀና "ሳፍታ፣ ይሄ የዒሪያው ነው፣ ቆሻሻ መኪናው ላይ ያለው" አላቸው። ሁለቱም አልተሳሳቱም። አንበሳ ከ1950 ጀምሮ የኢየሩሳሌም ማዘጋጃ ቤት ምልክት ነው። እዚያው ሃነቪኢም መንገድ ላይ፣ ንግሥት ዘውዲቱ ከ1925 እስከ 1928 ባሠሩት የቀድሞው የኢትዮጵያ ቆንስላ ሕንጻ ላይም አንበሳ አለ። የሁሉም ሥር ግን አንድ ነው፤ ያዕቆብ ልጁን ይሁዳን ሲመርቅ በአንበሳ ደቦል መስሎታል። አያትና ልጅ አንድ ድንጋይ አይተው ሁለት ዘመን አዩ። ያን ቀን በአውቶቡስ ስንመለስ ሁለቱ ስለ አንበሳው ብዙ ሲጨዋወቱ ነበር። እንዲህ ዓይነት ጨዋታ በቤት ውስጥ ስንት ጊዜ ይገኛል?

አሁን የምንነግራችሁን ብዙ ሰው አያውቀውም። ይህቺው ጠባብ ጎዳና የአገሩ የመጀመሪያው የሥዕልና የእጅ ጥበብ ትምህርት ቤት የተከፈተባት ናት። ቦሪስ ሻጽ የተባለው ቀራፂ "ቤጻልኤል" ብሎ የሰየመውን ትምህርት ቤት በ1906 የከፈተው በዚህ ጎዳና በሚገኝ ቤት ነው። ከሁለት ዓመት በኋላ ወደ ሌላ ቦታ ተዛወረ። ቤጻልኤል ማለት ከላይ ያነሣነው የኦሪቱ ባስልኤል ነው። አካዳሚው በ2023 ወደ ሩሲያ ግቢ ተዛውሯል፤ ከኢትዮጵያ ጎዳና በእግር ጥቂት ደቂቃ ነው።

ያ ትምህርት ቤት ሲጀምር ምን ያስተምር ነበር? ሥዕል ብቻ እንዳይመስላችሁ። ሴቶች ልጆች ምንጣፍ ይሸምኑ ነበር። ብር ይነጠር ነበር፣ እንጨት ይቀረጽ ነበር፣ ቅርጫት ይሠራ ነበር። ብሩን ከሚያነጥሩት ብዙዎቹ ከየመን የመጡ አይሁድ ነበሩ። በየመንም ብርና ወርቅ ማንጠር በአብዛኛው የአይሁድ ሥራ ነበር፣ ልክ እኛ ዘንድ ብረትና ሸክላ እንደነበረው። ከአውሮፓ የመጡት ሠዓሊዎች ንድፉን ያወጣሉ፣ የመናዊው አንጥረኛ እንደ ፀጉር በቀጠነ የብር ክር ይፈጽመዋል። ያ ዕቃ ዛሬ በሙዚየም ይታያል። ላዩ ላይ ብዙ ጊዜ የሚነበበው የትምህርት ቤቱ ስም ነው። የአንጥረኛው ስም አብዛኛውን ጊዜ የለም።

ስለዚህ የእጅ ሙያ ወደ "ኦማኑት" የሚያድግበት መንገድ አለ ማለት ነው፤ ሌላው ሕዝብ አልፎበታል። ግን ሥራው ሲከበር ሠሪው ሊረሳ እንደሚችልም ከዚህ እንማራለን።

የእኛንስ ዕቃ ምን በላው? በጎንደር አጠገብ ያለችውን ወለቃን አብዛኞቻችሁ ታውቋታላችሁ። እናቶቻችን እዚያ ለጎብኚዎች ትናንሽ የሸክላ ምስሎች ይሠሩ ነበር፤ ሰሎሞንና ሳባን፣ የዳዊት ኮከብ ያለበት አንበሳ፣ ኦሪት የያዘ ቄስ። ምስል በጸሎት ቤታቸው የማያስገቡ እናቶች ለገበያ ምስል መሥራታቸው በራሱ አንድ ታሪክ ነው። ጎብኚው እኛን እንዴት ማየት እንደሚፈልግ አውቀው በዚያው መልክ ሠሩለት። ዛሬ እኛ ከወለቃ ወጥተናል፤ ምስሉ ግን አሁንም እዚያው መንገድ ዳር ይሸጣል፤ የሚሠሩት ክርስቲያን ጎረቤቶች ናቸው። እጁ ሄዶ ሥራው ቀረ።

እኛስ ይዘን የመጣነው ምንድን ነው? በሱዳን በኩል የመጣነው በሌሊት በእግር ስንጓዝ ጋን አልተሸከምንም። በ1991 በሰሎሞን ዘመቻ ከ14,000 በላይ ሰው በ36 ሰዓት ውስጥ ሲገባ ሻንጣ እንኳ አልተፈቀደም። ይዘን የመጣነው የለበስነውንና እጃችንን ብቻ ነው።

ከመጣን በኋላ የሆነውን ደግሞ እኛ፣ ያኔ ልጆች የነበርነው፣ ልንናዘዘው ይገባናል። አገር ቤት የሰደበን ሌላ ሰው ነበር። እዚህ ግን ያፈርነው እኛው ነን። "እማ፣ ትምህርት ቤት ስትመጪ ነጠላ አትልበሺ" ያልነው እኛ ነን። እናቶቻችን ስንደዶና አለላ ቢያጡ ከሱቅ በገዙት ክር መሶብ ሲሰፉ "ይሄ ምን ያደርግልናል?" ያልነው እኛ ነን። ቤት ስንቀይር ጀበናውን ጣልን፣ በምትኩ ከገበያ የፕላስቲክ አበባ ገዝተን ጠረጴዛ ላይ አስቀመጥን። የሰው ቤት ዓይን ይዘን የእናታችንን ቤት አየን።

ንቅሳቱም እንደዚሁ ነው። በአገር ቤት አንገቷና ግንባሯ ላይ የተነቀሰች ሴት ቆንጆ ትባል ነበር፤ የአካባቢው ልማድ ነበረና። እዚህ ስንመጣ ሰው አፍጥጦ ያያት ጀመር። ኦሪት ዘሌዋውያን ምዕራፍ 19 ሰውነትን መነቀስን እንደሚከለክል ተነገራት፤ መስቀል ግንባሯ ላይ ያለባትማ ጥያቄው አላለቀላትም። ስንት እናት በበጋ ሙቀት አንገቷን በሻሽ ሸፍና ቆየች! ስንቷ በሌዘር አስጠፋች! ሕጉን ማክበር አንድ ነገር ነው፤ በአሥር ዓመቷ በመርፌ የተነቀሰችን ሕፃን ዛሬ እናት ሆና እንድታፍር ማድረግ ግን ሌላ ነገር ነው። እኛ ልጆቿ "ማን ነቀሰሽ? ያመሽ ነበር? ምን ተባልሽ?" ብለን ብንጠይቃት ኖሮ አፍራ ባልሸፈነችው ነበር።

ዛሬ ዘመኑ ትንሽ ተለውጧል። ሲግድ በ2008 በሕግ የአገር በዓል ሆኗል። በየዓመቱ በሐሽቫን 29 አርሞን ሃነጺቭ ላይ ቀሶቹ በዣንጥላቸው ሥር ሲቆሙ፣ እናቶቻችን በነጭ ለብሰው ሲመጡ፣ ፎቶ አንሺው ይሻማል። ደስ ይለናል። ግን ፎቶውን ካነሡት ውስጥ "ይህን ጥልፍ ማን ጠለፈው?" ብሎ የጠየቀ ስንቱ ነው? ከእኛስ ልጆች ስንቱ ያውቀዋል?

ስለዚህ ወደ ኦሪቱ አንድ ጊዜ እንመለስ። መጽሐፉ ስለ ሠሪዎቹ ሲናገር ሦስት ነገር ይመዘግባል፦ ስሙን፣ የአባቱን ስም፣ ነገዱን። ኤልያብ፣ የአሂሳሚክ ልጅ፣ ከዳን ነገድ። ይህ ባይጻፍ ኖሮ "አንድ ጠላፊ ነበር" ተብሎ ይቀር ነበር። ጠይብ ተብሎ ከሚሰደብና ጠቢብ ተብሎ ከሚከበር ሰው መካከል ያለው ልዩነት፣ ሥራው ላይ ስሙ መኖሩ ነው።

ውድ ወላጆቻችን፣ ከእናንተ የምንለምነው ትልቅ ነገር አይደለም። ቤታችሁ ያለውን መሶብ፣ ጀበና፣ ጥልፍ፣ ነጠላ አውርዱት። አንድ ልጅ አጠገባችሁ አስቀምጡ። ወረቀት ላይ ያጽፉላችሁ፦ ማን ሠራው፣ የማን ልጅ ናት፣ ከየትኛው መንደር ናት፣ ስንት ቀን ፈጀባት። ወረቀቱን ከዕቃው ሥር ለጥፉት። እንዴት እንደሚመረጥ አሳዩት፣ በጣቱ ቆርቁሮ ድምፁን ይስማ። ዕብራይስጥ አልችልም አትበሉ፤ እጅ ሲያሳይ ቋንቋ አያስቸግርም። ዕቃው የለንም የምትሉ ደግሞ ወሬውን ንገሯቸው፣ ወሬውም ዕቃ ነው።

ለሕክምና ዔን ካረም ወዳለው ሐዳሳ ሆስፒታል የምትሄዱም ቀጠሮው ሲያልቅ ወደ ምኩራቡ ግቡና ማርክ ሻጋል የሠራቸውን አሥራ ሁለቱን የመስታወት መስኮቶች እዩ። በ1962 የተመረቁ ናቸው፣ እያንዳንዱ ለአንድ ነገድ ነው፣ አንዱ የዳን ነው። አንድም የሰው ምስል የለባቸውም፤ ቀለም፣ ብርሃን፣ አራዊትና አበባ ብቻ። ምስል በሌለበት ጸሎት ቤት ያደገ ሰው ያን መስኮት ለማየት አስተማሪ አያስፈልገውም። የልጅ ልጃችሁን ይዛችሁ ሂዱና እናንተ አስረዱት።

እኛም የራሳችንን ዕዳ ከፍለናል። ወደዚያች አያት ቤት ተመልሰን ሄድን። ልጅቷን ጠርተን "የያኔው ወረቀት የት አለ?" አልናት። ወረቀቱ ለአስተማሪዋ ተሰጥቶ ተመልሷል፣ ነጥቡም ተሰጥቷል። ቢሆንም አውጥታ "አልነበረም" የሚለውን ሰረዘችና መሶቡን ከቁም ሣጥኑ ላይ አወረደች። አያቷ መጀመሪያ "ተዉኝ እስቲ" አሉ። ቀጥለው ግን የእናታቸውን ስም ነገሯት፣ መንደራቸውን ነገሯት፣ ስፌቱን ማን እንዳስተማራቸው ነገሯት። ልጅቷ ስትጽፍ ቦታው አልበቃትምና ወረቀቱን ገልብጣ በጀርባው ቀጠለች።

እናንተም በቤታችሁ ስላለው ዕቃና ስለ ሠሪው ከዚህ በታች ጻፉልን፤ መጻፍ የማትችሉ ልጆቻችሁን አጽፉ። የሠሪውን ስም ግን አትርሱ።